ዩና ትታው የሄደችው ጓዝ

ፋይናል ፋንታሲ አሥር የሚባለው የቪዲዮ ጨዋታ ጨርሶት ለሚመለስ ሰው ያዘጋጀው ጉርሻ የለም። እ.ኤ.አ. በ2003 የወጣው ተከታዩ ጨዋታ የጨረሱትን ያስታውሳል፤ እንደገና ሲጀምሩ ካካበቱት ዕቃ አብዛኛውን ይዘው እንዲገቡ ይፈቅድላቸዋል። አሥረኛው አይፈቅድም። የለፋችሁበት ሰይፍ፣ ያጠራቀማችሁት ገንዘብ፣ እርምጃ በእርምጃ የገነባችሁት ጉልበት ሁሉ በአሮጌው መዝገብ ውስጥ ተቆልፎ ይቀራል። የጨዋታው ዋና ገጸ ባሕርይ ቲደስ እንደ አዲስ 520 የጤና ነጥብ ይዞ፣ ባዶ እጁን፣ ኳስ ላይ እንዲፈርምላቸው የሚለምኑ ልጆች ከበውት ይጀምራል። ሰይፍ የሚሰጠው ሰው እስኪመጣ ድረስ ከተማው በላዩ ላይ መፍረስ አለበት።

እኔ ይህን ጭካኔውን እወድለታለሁ። በዚህ ክረምት እንደገና ጀምሬዋለሁ። ሰዎች "ያንኑ ጨዋታ ከዜሮ?" ሲሉኝ ከመሳቅ ያለፈ መልስ ስለማልሰጣቸው እስቲ በጽሑፍ ልሞክረው። አስቀድሜ ልናገር፦ ጨዋታው ከወጣ ከሃያ ዓመት በላይ ስለሆነው ምስጢሩን ሁሉ አወጣለሁ። ልትጫወቱት ያሰባችሁ ካላችሁ እዚሁ ላይ ብትሰናበቱኝ አልቀየምም።

ለማታውቁት ባጭሩ፦ ስኩዌር የተባለው የጃፓን ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2001 ለፕሌይስቴሽን 2 ያወጣው ጨዋታ ነው። ታሪኩን የጻፈው ካዙሺጌ ኖጂማ ነው። በተከታታዩ ውስጥ ገጸ ባሕርያቱ በድምፅ ሲናገሩ የተሰሙትም በዚህ ለመጀመሪያ ጊዜ ነው። ቲደስ ዛናርካንድ በምትባል ሌሊቷ እንደ ቀን በሚያበራ ከተማ የሚኖር የውኃ ውስጥ ኳስ ኮከብ ነው። ሲን የሚባል ግዙፍ ፍጡር ከተማዋን ያወድማታል። ልጁ ሲነቃ ራሱን ስፓይራ በምትባል ምድር ያገኘዋል፤ እዚያ ደግሞ ዛናርካንድ ከሺህ ዓመት በፊት የፈረሰች ከተማ ናት ይሉታል። ከዚያ ዩናን ይገናኛል። ዩና ጠሪ ናት፤ ከቤተ መቅደስ ወደ ቤተ መቅደስ እየዞረች ኤዮን የሚባሉ ኃያላን ፍጥረታትን ትቀበላለች። የጉዞዋ መጨረሻ የዛናርካንድ ፍርስራሽ ነው። እዚያ የሚሰጣት የመጨረሻው ጥሪ ሲንን ይጥላል፤ ሕዝቡም ሲን ተመልሶ እስኪመጣ ድረስ ጥቂት የእፎይታ ዓመታት ያገኛል። ቲደስም ከጠባቂዎቿ እንደ አንዱ ሆኖ አብሯት ይጓዛል፤ ሌሎቹ ዋካ፣ ሉሉ፣ ኪማሪ፣ አውሮንና ዘግይታ የምትመጣው ሪኩ ናቸው።

ማንም ያልነገረው ነገር አለ። የመጨረሻው ጥሪ ጠሪዋንም ይገድላል። ዩና ታውቃለች። ጠባቂዎቿ ያውቃሉ። በየመንገዱ አቁመው እጅ የሚነሷት መንገደኞችም ያውቃሉ። ስፓይራ ውስጥ የማያውቀው እሱ ብቻ ነው፤ እሱና ጆይስቲኩን የያዘው ሰው።

መጀመሪያ ስጫወተው የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ነበርኩ። ታላቅ ወንድሜ ከዱባይ ባስመጣው ፕሌይስቴሽን 2፣ ከሰፈር ሱቅ በተገዛ የተቀዳ ዲስክ። ያን ጊዜ በሰፈራችን ፕሌይስቴሽን ቤት የእግር ኳስ ጨዋታ ካልሆነ ሌላ ነገር የሚጫወት ሰው አልነበረም። በጨዋታ ሒሳብ የሚከፍል ልጅ ተቀምጦ የሚነበብና የሚለቀስበት ታሪክ ምን ያደርግለታል? ስለዚህ ፋይናል ፋንታሲ የቤት ጨዋታ ነበር፤ ያውም ወንድሜ ሲደክመው ብቻ። ስምንት ሜጋባይት የምትይዘው ሜሞሪ ካርድም የጋራ ነበረች። አንድ ቀን ወንድሜ ለእግር ኳስ ሊጉ ቦታ ሲያጣ የኔን መዝገብ አጥፍቶ ጠበቀኝ። እስከ ዛሬ "አንድ ፋይል ነው" ይላል። በዚያ ላይ መብራት ነበረ፤ ማለቴ መብራት አልነበረም። ጨዋታው የሚቀመጠው መንገድ ዳር በተተከሉ ሉሎች ላይ ስለሆነ ከአንዱ ሉል ወደ ሌላው መድረስ ከመብራት ኃይል ጋር የሚደረግ እሽቅድምድም ነበር። ሚሄን የሚባለውን ረጅም አውራ ጎዳና ዛሬም ዓይኔን ጨፍኜ ልሄደው የምችለው በዚህ ምክንያት ነው።

ያ ግን እንደገና መጀመር አይባልም። እሱ መመለስ ነው፤ ተገፍቶ መመለስ። እኔ የምለው ጨርሶ፣ መጨረሻውን አይቶ፣ ወዶና ፈቅዶ "አዲስ ጨዋታ" የሚለውን መጫንን ነው።

የዘንድሮው አጀማመር እንዲህ ነው። የወንድሜ ልጅ አሥራ ሦስት ዓመቱ ነው፤ ትምህርት ቤት ተዘግቶ፣ ዝናቡ ደጅ አላስወጣ ብሎት እኔ ዘንድ ከርሟል። ማሽኑንም ይዞ መጣ፤ ፕሌይስቴሽን 4። ለዚያ ማሽን እ.ኤ.አ. በ2015 የወጣው የተሻሻለ ቅጂ አለኝ፤ ከጥቂት ዓመታት በፊት እዚያው ላይ ጨርሼዋለሁ። ልጁ የለመደው ኳስና ጦርነት ነው። መጀመሪያ አጠገቤ የተቀመጠው ሊያሾፍ ነበር። ቀጥሎ አስተያየት መስጠት ጀመረ። ቤሳይድ ደሴት ሳንደርስ ጆይስቲኩ እጁ ገብቶ ነበር።

የመጀመሪያው ጠባችን በሥልጠና ሰሌዳው ላይ ሆነ። ስፊር ግሪድ ይባላል፤ በመስመር የተያያዙ ብዙ ነጥቦች ያሉት ሰፊ መረብ ነው። ገጸ ባሕርያቱ በውጊያ ባገኙት እርምጃ እየተራመዱ በየነጥቡ ጉልበት፣ ፍጥነት ወይም አስማት ይከፍታሉ። የተሻሻለው ቅጂ ሁለት ዓይነት ሰሌዳ ያቀርባል፦ መደበኛውንና የባለሙያውን። በመደበኛው እያንዳንዱ ሰው የራሱ መንደር አለው፤ በባለሙያው ሁሉም ከመሐል ይነሱና የፈለጋችሁበት ትሰዷቸዋላችሁ። እኔ የባለሙያውን መረጥኩ፤ መደበኛውን ጠግቤዋለሁ። ልጁ የአንበሳ ፊት ያለውን ኪማሪን እንደ አውሮን ጎራዴ መዛዥ ሊያደርገው ፈለገ። እኔ ደግሞ ወደ ሪኩ መንገድ ልኬው ሌብነት እንዲማር ፈለግሁ፤ ሪኩ ዘግይታ ስለምትመጣ እስከዚያ ድረስ ከጠላት ኪስ የሚያወጣ ሰው ያስፈልጋል። "አንበሳ አይሰርቅም" አለኝ። በዚህ ክርክር ረታኝ ማለት ይቻላል፤ ኪማሪ አሁን የሚደርስበት የለም፤ ቦርሳችን ግን ባዶ ነው።

መቼም የሚደግም ሰው የሚያውቀው ጥቃቅን ዕውቀት አለ። ለምሳሌ በየቤተ መቅደሱ ፈተና ውስጥ የማፍረሻ ሉል የሚባለው የተደበቀ ሣጥን ይከፍታል። ቤሳይድ ላይ ያለውን መጀመሪያ ስታልፉ ካልወሰዳችሁት፣ በአየር መርከብ ስትመለሱ መንደሩ በር ላይ ጥቁር ቫሌፎር የምትባል ከባድ ጠላት ቆማ ትጠብቃችኋለች፤ እሷን የሚችል ጉልበት ለማበጀት ደግሞ ወራት ያስፈልጋል። ሉካ ላይ የሚደረገውን የኳስ ግጥሚያ ብታሸንፉም ብትሸነፉም ታሪኩ ያው መሆኑን፣ ያም ሆኖ ማሸነፉ አንድ የጉልበት ሉል እንደሚያስገኝ ታውቃላችሁ። በመብረቁ ሜዳ ላይ ሁለት መቶ መብረቅ በተከታታይ ለሚያመልጥ የተዘጋጀ ሽልማት እንዳለም ታውቃላችሁ። ይህን የመጨረሻውን አድርጌው አላውቅም፤ አላደርገውምም። ሰው ለአንዲት ማኅተም ብሎ ያን ያህል መዝለል የለበትም።

እንዲህ ያለውን ዕውቀት ማንም ከመመሪያ ሊያገኘው ይችላል። እኔን የሚመልሰኝ ሌላው ነው።

ቤሳይድን ለቀው ሊወጡ ነው። ዩና ከደጅ ትመጣለች፤ በሁለት እጇ የከበደ ጓዝ ትጎትታለች። ይህ ሁሉ አያስፈልግሽም ይሏታል። የኔ አይደለም፣ ለምንደርስባቸው ቤተ መቅደሶች የያዝኩት ስጦታ ነው ትላለች። ዋካ ይህ የእረፍት ጉዞ እንዳልሆነ ያስታውሳታል። እሷም ትንሽ አሰብ ታደርግና ጓዙን እዚያው ሜዳ ላይ ትታው ትሄዳለች። መጀመሪያ ጊዜ ይህን ሳየው ስቄያለሁ፤ መንገድ ያልለመደች ልጅ፣ ዕቃ የምታበዛ። አሁን ሳየው ደግሞ ሌላ ሰው ነው የምመለከተው። ይህች ልጅ ለመሞት እየወጣች ነው፤ በመንገዷ ለሚቀበሏት ሁሉ ስጦታ ይዛለች። ትንሽ ከፍ ሲሉ ኮረብታው ላይ ቆማ መንደሩን ታያለች፤ ማንም አያጣድፋትም። ከዚያ መንገደኞች የሚጸልዩበት የድንጋይ ሐውልት አለ። ዋካ ወንድሙ በሄደበት ቀን ጀልባው እንዳያመልጠው ብሎ ሳይጸልይ እንዳለፈ ያወራል። ወንድሙ አልተመለሰም። እነዚህ ሰዎች በደቂቃዎች ውስጥ ሁሉን ነገር ተናግረዋል፤ የጎደለው የሚሰማቸው ሰው ነው።

ልጁ "ይቺ ደግሞ ሻንጣዋን!" ብሎ ሳቀ። እኔም አብሬው ሳቅሁ።

ታላቅ አጎቴ ደሴ ላይ ያረፈ ዕለት ወሬው የደረሰን ከሰዓት በኋላ በስልክ ነበር። አባቴ ወደ ጓሮ ጠርቶኝ ነገረኝና "እናትሽ እስኪነጋ እንዳትሰማ" አለኝ። መርዶ በማታ አይነገርም፤ ሰው ተሰባስቦ፣ የዕድር ሰዎች ተነግሯቸው፣ ጎሕ ሲቀድ ነው። እናቴ ከገበያ ተመለሰች። ጎመኑ ስንት እንደገባ ነገረችን። ራት በላን፤ ማለት እሷ በላች። ከዚያ ለወንድሟ ያሠራችውን ጋቢ ከሣጥን አውጥታ ጥለቱን አሳየችን፤ ለገና ይዣለት እወርዳለሁ አለች። ጎረቤታችን ያለ ወትሮዋ ቡና ልትጠጣ መጥታ ነበርና ጥለቱን በጣቷ እየዳበሰች "ያምራል" አለች። አባቴ "ያምራል" አለ። እኔም "ያምራል" አልኩ። እናቴ ያን ሌሊት ጥሩ እንቅልፍ ተኛች። እኛ አልተኛንም።

ፋይናል ፋንታሲ አሥርን መድገም ማለት ከዚያ ወንበር ላይ መቀመጥ ነው። መጀመሪያ ጊዜ የቲደስን ወንበር ይሰጧችኋል፤ ይንጫጫል፣ ያቅዳል፣ ይቀልዳል፤ እናንተም አብራችሁት። ሁለተኛ ጊዜ ግን ቃላቱ ሳይለወጡ የምትሰሙት ከነሉሉ ጎን ሆናችሁ ነው። ሉሉ ቀዝቃዛ ሴት ትመስለኝ ነበር፤ ቁጣዋ ከምን እንደሆነ አይገባኝም ነበር። ልጁ አፉን በከፈተ ቁጥር ዓይኗን ወደ መሬት የምታደርገው ለምን እንደሆነ አሁን ስለማውቅ ከሁሉም አብልጬ እሷን እወዳታለሁ።

ሉካ ላይ ያለውን የሳቅ ትዕይንት ታውቁት ይሆናል። ቲደስና ዩና ፊት ለፊት ቆመው ሆን ብለው፣ ጮክ ብለው፣ በግድ ይስቃሉ። በይነመረብ ላይ "መጥፎ ትወና" እየተባለ ስንት ዓመት ተሾፈበት! ተዋናዮቹ መሳቅ የማይችሉ መስሏቸዋል። ሳቁ እንዲያስጠላ ተደርጎ ነው የተሠራው፤ አጠገባቸው ያሉት ጠባቂዎችም አብደዋል እንዴ ብለው ነው የሚያይዋቸው። ዩና ጉዞዋ በሳቅ የተሞላ እንዲሆን እንደምትፈልግ ትነግረዋለች። እሱ ምን ብሎ ይመልሳል? እሺ ይላታል፤ ቀላል ነገር እንደተጠየቀ ሰው። ይህን ትዕይንት ቆርጦ አውጥቶ ለብቻው የሚያሾፍበት ሰው ጨዋታውን አንድ ጊዜ ብቻ የጀመረ፣ ምናልባትም ያልጨረሰ ነው ብዬ እፈርዳለሁ።

ከሁሉ የሚብሰው ሙንፍሎው ላይ ያለው ነው። ወንዙ ላይ ሲመሽ የብርሃን ብናኞች ተሰብስበው የከዋክብት ባሕር ይመስላሉ ይባላል። ቲደስ እስኪመሽ እንጠብቅ ይላል። ሉሉ ጊዜ የለንም ትለዋለች። እንግዲያው ሲንን ካሸነፍን በኋላ ተመልሰን እንመጣለን ይላል፤ በሐሳቡ ተደስቶ። ሁሉም ዝም ይላሉ።

ልጁ ጨዋታውን አቁሞ ወደ እኔ ዞረ። "ምን ሆኑ?"

"ቶሎ በል፤ መሻገሪያው ሊያመልጠን ነው" አልኩት። መሻገሪያው አያመልጥም። ሹፑፍ የሚባለው ዝሆን መሳይ እንስሳ እስከ ዓለም ፍጻሜ ቆሞ ይጠብቃል።

መጀመሪያ ላይ ምንም ነገር ይዛችሁ አትገቡም ያልኩት ሙሉ በሙሉ እውነት አይደለም። አንድ ነገር ይሻገራል። አል ቤድ የሚባሉ ሕዝቦች የራሳቸው ቋንቋ አላቸው፤ በየቦታው የተበተኑ 26 የመማሪያ መጻሕፍት አሉ፤ እያንዳንዱ አንድ ፊደል ይፈታል። ሁሉንም ለመሰብሰብ ዓለሙን ማሰስ ያስፈልጋል፤ አንዳንዶቹ አንዴ ካለፏቸው ቦታው ራሱ ስለሚጠፋ አይገኙም። ጨዋታው ግን ከአሮጌው መዝገብ ላይ መጻሕፍቱን ወደ አዲሱ መገልበጥ ይፈቅዳል። ሰይፍ አይሻገርም፣ ገንዘብ አይሻገርም፤ የተማራችሁት ፊደል ይሻገራል። ይህን ያሰበ ሰው የሚያስበውን ያውቃል።

መጀመሪያ ስጫወተው አል ቤዶች ለእኔ የሚንጫጩ፣ ፊታቸውን የሸፈኑ ሽፍቶች ነበሩ። ሉካ ላይ ዩናን ይጠልፏታል፤ ሙንፍሎው ላይም በውኃ ውስጥ ማሽን ሊጠልፏት ይሞክራሉ። ዋካ ሲሰድባቸው ልክ ነው እል ነበር። ሁለተኛ ጊዜ ግን ንግግራቸው ከሥር ይነበባል፤ ባይነበብ እንኳ የሚያደርጉት ለምን እንደሆነ ታውቃላችሁ። ጠሪዎቹን የሚሰርቋቸው እንዳይሞቱ ነው። በመላው ስፓይራ ይህች ልጅ አትሙት ብሎ እጁን ያነሣ ብቸኛ ሕዝብ ይኸው የሚሰደበው ሕዝብ ነው። ዩና ራሷ በእናቷ አል ቤድ ናት፤ አንዱ ዓይኗ ሰማያዊ፣ አንዱ አረንጓዴ መሆኑን መጀመሪያ ጊዜ ልብ አላልኩትም ነበር። ዋካ ያን ሁሉ ስድብ የሚያወርደው አጠገቧ ሆኖ ነው። እሷ መልስ አትሰጠውም። ይህን ቀድሞ የሚያውቅ ሰው እነዚያን ትዕይንቶች ሲያይ ጥርሱን መንከሱ አይቀርም፤ ልጁ ደግሞ የዋካን አነጋገር ወዶት እየደጋገመ ያስመስለው ነበር።

ሰዎች በዚህ ጨዋታ የፕሌይስቴሽን ቅጂዎች ላይ ሁልጊዜ የሚያነሱት ቅሬታ ትዕይንቶቹን ዘልሎ ማለፍ አለመቻሉ ነው። ከከባድ ጠላት በፊት ረጅም ንግግር አለ፤ በተሸነፋችሁ ቁጥር ንግግሩን ከአልፋ እስከ ኦሜጋ ትሰሙታላችሁ። ያናድዳል፣ አልክድም። ለሚደግም ሰው ግን መዝለል ቢቻል ኖሮ እኔም እዘል ነበር፤ ከዘለልኩ ደግሞ ጓዶሳላም ላይ አውሮን ሙታን ወደሚታዩበት ስፍራ አልገባም ብሎ ደጃፍ ላይ ሲቀር ምክንያቱን አላስብም ነበር። አውሮን ለምን እንደማይገባ የምታውቁት ታውቁታላችሁ። ቀይ ካባውን ለብሶ፣ አንድ እጁን ብብቱ ውስጥ ከትቶ፣ የሰው ሁሉ ምስጢር ተሸክሞ የሚሄደው እሱ ነው። ስለ ሰው ሲነገረኝ ጨዋታ ነው ብዬ የማልፈው ነገር ቢኖርም ስለ አውሮን ግን ዘመድ እንደተነካብኝ እቆጣለሁ።

ከዚያ ወደ በረሃው ደረስን፤ ቢካኔል። የአል ቤዶች መጠለያ እየተቃጠለ ቲደስ በመጨረሻ ይሰማል። የሚጮኸው ስለ ራሱ ነው፦ ወደ ዛናርካንድ እንሂድ እያልኩ፣ ሲንን ካሸነፍን በኋላ ይህን እናደርጋለን እያልኩ ስለፈልፍ እሷ ፈገግ ብቻ ትል ነበር ይላል። ለምን እንዳልነገሩት ሲጠይቅ ሉሉ የምትሰጠው መልስ ለመናገር ከባድ ነበር የሚል ያህል ነው። ሌላ ምን ትበል?

እኔ ልጁን እያየሁ ነበር። ለወራት ካልሆነም ለሳምንታት የጠበቅሁት ቅጽበት ነው። ያለቅሳል ብዬ ነበር፤ ወይም ይቆጣኛል። እሱ ጆይስቲኩን ጭኑ ላይ አድርጎ "ጠርጥሬ ነበር" አለኝ።

"ከመቼ ጀምሮ?"

"ከወንዙ ጀምሮ። አክስቴ፣ አንቺ ፊትሽ ያስታውቃል። እነሱ ዝም ሲሉ አንቺም ዝም አልሽ።"

"ታዲያ ለምን አልጠየቅኸኝም?"

"እንዳላውቅ የፈለግሽ መሰለኝ።"

ይኸውላችሁ። የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ። ከዚያ ወዲያ ምን እንደምል ስላጣሁ ሻይ ላፈላ ተነሣሁ፤ ስመለስ የአየር መርከቡን ይዞ በመጓዝ ላይ ነበር።

አሁን ያለነው ካልም ላንድስ በሚባለው ሰፊ ሜዳ ላይ ነው። ከዚህ በኋላ ጋጋዜት ተራራ አለ፤ ተራራው ላይ ሁለተኛው መርዶ አለ። ስለ ዩና አይደለም፤ ስለ ቲደስ ነው። ቲደስ ማን እንደሆነ፣ የሚያበራው ከተማው ምን እንደነበረ፣ ሲን ሲጠፋ እሱ ምን እንደሚሆን። የመጀመሪያው ምስጢር ሁሉም የሚያውቁት እሱ ብቻ የማያውቀው ነበር፤ ይኼኛውን ግን አንድ ጊዜ ከሰማው በኋላ እሱ ራሱ ነው ከዩና የሚደብቀው። ወንበሩ ዞሮ ይመጣል። እዚህ ላይ ኖጂማን ባገኘው ጫማውን እስማለሁ።

እንደ ዕድል ሆኖ ሜዳው ላይ የቾኮቦ ውድድር አለ። በቢጫው ትልቅ ወፍ ተቀምጦ መሮጥ ነው፤ አንድ ፊኛ ሲያዝ ከሰዓቱ ሦስት ሰከንድ ይቀነሳል፣ የሚወረወር ወፍ ሲመታችሁ ሦስት ሰከንድ ይጨመራል። ለቲደስ ሰይፍ የሚሆነውን ማኅተም ለማግኘት ሰዓቱን ዜሮ አድርጎ መጨረስ ያስፈልጋል። ሰው የሚያሳብድ ነገር ነው፤ እኔ ድሮ ጆይስቲክ የወረወርኩበት ነው። ልጁ ይዞታል። በጠዋት ይነሣል፣ ይሮጣል፣ ወፍ ይመታዋል፣ እንደገና ይጀምራል። እኔም ቀስ በል፣ አትቸኩል፣ ሰይፉ ያስፈልገናል እያልኩ አበረታታዋለሁ። ሰይፉ ለዚህ ታሪክ መጨረሻ ፈጽሞ አያስፈልግም።

አንድ ማስተካከያ ግን አድርጌያለሁ። ወንበሬን ከጎኑ አንሥቼ ከኋላው አድርጌዋለሁ፤ ፊቴን እንዳያይ። ለምን እንደሆነ አልጠየቀኝም፤ ይህም ራሱ ያሳስበኛል። ወንድሜ፣ ይህን ካነበብህ ለልጅህ እንዳትልክለት፤ ስልክ ስትደውልለትም ስለ ጨዋታው ከጠየቅኸው ስለ ወፉ ብቻ ጠይቀው። ያጠፋህብኝን ፋይል በዚህ እንተሳሰባለን።